አንድ ግቢ፣ ስድስት መዝገብ

ልደታ ፍርድ ቤት ደጃፍ ጠዋት ጠዋት የሚቆም ሰው ይህን ሳያይ አያልፍም። ብብታቸው ሥር የፕላስቲክ ማኅደር የያዙ አዛውንት ጠበቃቸውን ይጠብቃሉ። ማኅደሩ በካርታ ቅጅ፣ በግብር ደረሰኝ፣ በወራሽነት ማስረጃና በአምናው ብይን ተወጥሯል። ጠበቃው ሲመጣ ሰላምታው ሳያልቅ «ልጄ፣ የዛሬው የትኛው ነው?» ይሉታል። ቤታቸው አንድ ነው፤ ቀጠሯቸው ግን አራት ችሎት ላይ ተበትኗል። የትኛው መዝገብ ምን እንደሚወስን፣ የአንዱ ውሳኔ ሌላውን ምን እንደሚያደርገው የሚነግራቸው ሰው አላገኙም።

ነገሩን በምሳሌ ላስረዳ። ሰዎቹን እኔ ነኝ የፈጠርኳቸው፤ ጉዳያቸውን ግን ችሎት የዋለ ሁሉ ያውቀዋል። ጉለሌ ውስጥ አንድ ግቢ አለ እንበል። አባት ይሞታሉ። ያስታመመቻቸው ታላቅ ሴት ልጃቸው እዚያው ትኖራለች። እሷና ታናሽ ወንድሟ ከአዲስ አበባ ከተማ የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የወራሽነት ማስረጃ ያወጣሉ፤ ከሌላ እናት የተወለደውን ወንድማቸውን ግን አልጠቀሱትም። እሱም ሰምቶ መቃወሚያ ያቀርባል። አባት በኋላ ዘመናቸው ያገቧቸው ሴት ደግሞ «ቤቱ የተሠራው እኔ ከገባሁ በኋላ ነው፤ ግማሹ የእኔ ነው» ብለው በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ይከሳሉ። ይህ ሁሉ ሳይታወቅ ታናሽ ወንድም የእህቱ ነው ያለውን ውክልና ይዞ ግቢውን ሸጧል፤ ስሙም ዞሯል። ገዢው ቤቱ ይሰጠኝ ብሎ ይከሳል፤ ዋጋው ከ10 ሚሊዮን ብር በላይ ስለሆነ መዝገቡ የሚከፈተው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ገዢው በሩን በሰንሰለት በቆለፈ ማግስት እህት የሁከት ይወገድልኝ ክስ ትመሠርታለች። ውክልናውን አልሰጠሁም ብላ ለፖሊስ ታመለክታለች፤ ዐቃቤ ሕግ በሐሰተኛ ሰነድ ክስ ይከፍታል። ለክፍለ ከተማው የመሬት ጽሕፈት ቤትም የስም ዝውውሩ እንዲሰረዝ ትጽፋለች።

ስድስት መዝገብ ሆነ። ከስድስቱ አንዱን እንኳ ከንቱ ነው ማለት አይቻልም። ከወራሽነት የተዘለለ ልጅ ዝም እንዲል የሚያስገድደው ሕግ የለም። በ1992 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 213 የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በጋብቻ ውስጥ የተፈራ ንብረት የጋራ ነው የሚለውን ግምት ለሚስትየዋ ሰጥቷቸዋል። ገዢው ገንዘቡን ከፍሏል። እህት በራሷ ደጅ ሰንሰለት ተደርጎባታል። መከራው የሚመጣው መዝገቦቹ እርስ በርሳቸው ሳይተዋወቁ ሲቀሩ ነው። አንዱ ችሎት ግቢው ለገዢው ይረከብ ይላል፤ ሌላው እህት ከይዞታዋ አትነካ ይላል፤ ሁለቱም ፊታቸው የቀረበውን አይተው በሕጉ መሠረት ወስነዋል።

ሕጉ ለዚህ ምንም መልስ የለውም ብሎ መደምደም ግን ሕጉን አለማንበብ ነው። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 8 በአንድ ፍርድ ቤት እየታየ ያለን ክርክር ሌላ ፍርድ ቤት እንዳያየው ይከለክላል። ጭብጡ በቀጥታና በዋናነት ያው ሲሆን፣ ተከራካሪዎቹም እነዚያው ወይም መብታቸውን ከእነሱ ያገኙ ሰዎች ሲሆኑ፣ ኋላ የመጣው መዝገብ መቆም አለበት። አንቀጽ 5 ደግሞ ፍርድ ያገኘ ነገር እንደገና እንዳይነሳ ያግዳል፤ ያውም ሰውየው በመጀመሪያው ክርክር ማንሳት ሲችልና ሲገባው ያላነሳውን ሁሉ እንደ ተነሳ ይቆጥርበታል። ሁለቱ አንቀጾች መንትዮች ናቸው፤ አንዱ ገና እሳት ላይ ላለው ድስት፣ ሌላው ለወረደው። የዘር ሐረጋቸውን ለፈለገ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1908 የወጣው የሕንድ ሥነ ሥርዓት ሕግ አሥረኛና አሥራ አንደኛ ቁጥሮች ላይ ያገኛቸዋል፤ የእኛ ሕግ በብዙ ቦታው ከዚያ የተቀዳ ነው።

አሁን ይህን ወንፊት በጉለሌው ግቢ ላይ እንሞክረው። በአንዱ መዝገብ የሚከራከሩት ገዢውና ታናሽ ወንድም ናቸው። በሌላው ሚስትና ልጆች። በሦስተኛው እህትና ገዢ። በወንጀሉ ዐቃቤ ሕግና ወንድም። ጥያቄዎቹም ይለያያሉ፤ አንዱ ወራሽ ማን ነው ይላል፣ ሌላው የጋራ ሀብት ነው ወይ፣ ሌላው ውሉ ይፈጸም፣ ሌላው ሁከቱ ይቁም። ተከሳሽ በአንቀጽ 244 መሠረት «ይህ ጉዳይ በሌላ ችሎት እየታየ ነው» የሚል የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ሲያነሳ፣ ዳኛው ሁለቱን መዝገቦች ጎን ለጎን አስቀምጦ ተከራካሪዎቹ አንድ አይደሉም፣ ጭብጡም አንድ አይደለም ብሎ መቃወሚያውን ውድቅ ያደርጋል። ብይኑ እንከን የለውም። ግን በዚህ እንከን በሌለው ብይን መሐል አንድ ነገር ያመልጣል። ሕጉ የሚቆጥረው ሰዎችን ነው፤ ሰዎቹን ያጣላቸው ግቢው ነው። መዝገብ ቤትም መዝገብ የሚፈልገው በከሳሽና በተከሳሽ ስም ነው። ስለዚያ ግቢ ስንት ክስ እንዳለ ዳኛው ሊያውቅ የሚችለው ከተከራካሪዎቹ አንዱ ሲነግረው ብቻ ነው፤ የሚነግረው ደግሞ ሲጠቅመው ነው።

ከሁሉ የሚያሳስበኝ የሁከት ክሱ ነው፤ ስለዚህ እዚህ ላይ ጥቂት ልቆይ። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 ይዞታውን የተቀማ ወይም የታወከበት ሰው፣ ባለቤት መሆኑ ሳይጠየቅ፣ ይዞታው እንዲመለስለት ወይም ሁከቱ እንዲቆምለት መክሰስ ይችላል ይላል። ክሱ መቅረብ ያለበት በሁለት ዓመት ውስጥ ነው። ሐሳቡ ጥንታዊና ጤናማ ነው። ማንም ሰው መብት አለኝ ብሎ በሰንሰለትና በጉልበተኛ መብቱን ራሱ አያስከብር፤ ይዞ የተገኘው ይቆይ፣ ባለመብት ነኝ የሚለው በሌላ ክስ ይምጣ ነው ነገሩ። በ1952 ዓ.ም. የወጣውን ይህን ሕግ ያረቀቁልን ፈረንሳዊው ረኔ ዳቪድ ከአገራቸው ወግ ያመጡት ነው። በፈረንሳይ ለረጅም ዘመን የይዞታና የባለቤትነት ክስ በአንድ ላይ እንዳይቀርብ የሚከለክል ጥብቅ ደንብ ነበር። ይህም ማለት የእኛ ሕግ የይዞታ ክሱን ከፈረንሳይ ወስዶ፣ መዝገቦች እንዳይደራረቡ የሚከላከለውን አጥር ደግሞ ከሕንድ በኩል ከእንግሊዝ ወስዷል። አንዱ ወግ ሆን ብሎ ሁለት ክስ እንዲኖር ይፈልጋል፤ ሌላው ሁለት ክስ እንዳይኖር ይጠብቃል። ሁለቱ ወጎች የተገናኙት በእኛ ችሎት ውስጥ ነው፤ ድልድይ የሠራላቸው ግን የለም።

ፈረንሳይ ራሷ እ.ኤ.አ. በ2015 የይዞታ ክሶችን ከፍትሐ ብሔር ሕጓ አውጥታለች። ምክንያቱ የይዞታ ጥበቃ አላስፈላጊ ሆኖ አይደለም፤ ዳኛ በጥቂት ቀን ውስጥ ጊዜያዊ ትዕዛዝ የሚሰጥበት ፈጣን ሥርዓት ሥራውን ስለ ተካው ነው። እኛ ዘንድ የሁከት ክስ እንደ ማንኛውም መደበኛ ክስ መልስ፣ መቃወሚያ፣ የቃል ክርክር፣ ምስክር፣ አንዳንዴም የመሐንዲስ ልኬት እያለ ይሄዳል። ጊዜያዊ ሰላም ለማውረድ የታሰበው ክስ ዓመት ሲፈጅ ትርጉሙን ያጣል።

አንቀጽ 1149 በመጨረሻው ንዑስ ቁጥር አንዲት ጠባብ መስኮት ትቷል። ተከሳሹ ያደረገውን ለማድረግ መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ማስረጃ ካስረዳ ይዞታው ለከሳሽ አይመለስም። በዚህች መስኮት የባለቤትነት ክርክሩ ሙሉ ሰውነቱን ይዞ ይገባል። ገዢው በስሙ የተሠራ ካርታ ያወጣና «ይኸው የማያጠራጥር ማስረጃ» ይላል። አንዱ ችሎት ካርታውን ይቀበለዋል። ሌላው የባለቤትነት ጥያቄ እዚህ አይነሳም ብሎ ይመልሰዋል። እኔ የኋለኛው ይበልጥ ልክ ነው እላለሁ። ካርታ በአንቀጽ 1195 መሠረት የባለቤትነት ግምት ነው የሚፈጥረው፤ የሚቀጥለው አንቀጽ 1196 ግምቱ በምን በምን እንደሚፈርስ ይዘረዝራል። ውክልናው በሐሰት የተሠራ ነው በሚል ወንጀል እየታየበት ያለ ሽያጭ የወለደው ካርታ «የማያጠራጥር» ሊባል አይችልም። እህት በሰላም ወደ ቤቷ ትመለስ፤ ቤቱ የማን ነው የሚለው በቦታው ይወሰን። የሁከቱ ፍርድም ነገ በባለቤትነት ክርክሩ ላይ የአንቀጽ 5 መዝጊያ ተደርጎ ሊቀርብ አይገባም፤ የተወሰነው ማን ይዞ እንደ ነበር ብቻ ነውና።

ወደ ወራሽነት ማስረጃው እንምጣ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ይህ ወረቀት የሚናገረው እገሌ የእገሌ ወራሽ ነው የሚለውን ነው። ቤቱ የሟች ነው፣ ወይም ቤቱ የወራሹ ነው አይልም። ሆኖም ሰፈር ውስጥ «ፍርድ ቤት ቤቱን ፈረደልኝ» ተብሎ ሲነገር ይሰማል፤ አሻሻጩም ለገዢ የሚያሳየው ይህንኑ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ማስረጃው እስካልተሰረዘ ድረስ የያዘው ሰው ወራሽ እንደ ሆነ እንዲቆጠር፣ ከእሱ ጋር የተዋዋለውም ሻጩ ወራሽ አለመሆኑን በርግጠኝነት ያውቅ እንደ ነበር ካልተረጋገጠበት በቀር እንዲጠበቅ ያደርጋል። ይህ ጥበቃ ግን የወራሽነት ጉድለትን ይሸፍናል እንጂ ሌላውን አይሸፍንም። ታናሽ ወንድም እውነተኛ ወራሽ ነው፤ ጥያቄው የሌሎቹን ድርሻ ጨምሮ ግቢውን በሙሉ ብቻውን መሸጥ ይችላል ወይ ነው። በጋራ የተያዘን ቤት ለመሸጥ የባለሀብቶቹ ሁሉ ስምምነት ያስፈልጋል። ገዢውም ጠበቃውም ይህን በተለያየ መዝገብ፣ በተለያየ ዳኛ ፊት፣ ከተለያየ ሰው ጋር ሲከራከሩበት ይከርማሉ።

በአዲስ አበባ ላይ ደግሞ የሥልጣን ጣጣ ይጨመራል። የወራሽነት ማረጋገጫ የሚሰጠው የከተማው ፍርድ ቤት ነው። ውርሱ ይጣራ፣ ይከፋፈል የሚለው ክርክር የሚታየው ፌዴራል ፍርድ ቤት ነው። በ2013 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234 የመጀመሪያ ደረጃውን ፍርድ ቤት የገንዘብ ጣሪያ ከቀድሞው 500 ሺሕ ብር ወደ 10 ሚሊዮን ብር አሳድጎታል። ጥሩ እርምጃ ነበር፤ በከተማዋ የቤት ዋጋ ግን ይህም ጣሪያ ቶሎ ይነካል። በመሆኑም ስለ አንድ ቤት አንዱ ክስ ከፍተኛው ዘንድ፣ ሌላው ከታች፣ ሦስተኛው ከተማው ዘንድ መገኘቱ የተለመደ ነው። ተከራካሪዎቹ ሙስሊሞች ከሆኑና ሁሉም ከፈቀዱ የሸሪዓ ፍርድ ቤትም አለ። የፈቀደ ወገን ኋላ ሐሳቡን ቀይሮ መደበኛ ፍርድ ቤት ሲሮጥ ሌላ መዝገብ ይወለዳል።

ሰዎች ብዙ መዝገብ የሚከፍቱት ሙግት ስለሚወዱ ነው የሚለውን አባባል አልቀበልም። «በርስትና በሚስት ቀልድ የለም» የሚል ሕዝብ መሆናችን እውነት ነው። ነገር ግን ወደ መዝገብ ቤት የሚገፋቸው ራሱ ሕጉ ነው። የይርጋዎቹን ሰዓት ተመልከቱ። ለሁከት ሁለት ዓመት። ያለ ፈቃዱ የጋራ ቤት ለተሸጠበት የትዳር ጓደኛ ካወቀበት ቀን ስድስት ወር፣ ቢዘገይ ውሉ ከተደረገ ሁለት ዓመት። ለወራሽነት ጥያቄ መብቱንና ንብረቱ መያዙን ካወቀ በኋላ ሦስት ዓመት። ተከራካሪ ሳይሆን ፍርዱ መብቱን ለነካበት ሰው የሥነ ሥርዓት ሕጉ የአንቀጽ 358 መቃወሚያ ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት። እያንዳንዱ ሰዓት ለብቻው ይቆጥራል፤ አንዱ ክስ መጀመሩ ሌላውን ሰዓት ስለ ማቆሙ እርግጠኛ መሆን አይቻልም። ኃላፊነት የሚሰማው ጠበቃ ምን ያደርጋል? ሁሉንም ይከፍታል። ደንበኛውን «እስቲ የመጀመሪያው ይለቅ» ብሎ ያዘገየ ጠበቃ ከሁለት ዓመት በኋላ በይርጋ ተዘግቶበት ቢቆም ማን ይፈርድለታል?

መዝገብ የሚያበዛ ተንኮለኛ የለም ማለቴ ግን አይደለም። የተፈረደበት ቤት ሊፈጸምበት ሲል የሩቅ ዘመድ ብቅ ብሎ በአንቀጽ 418 «ንብረቱ የእኔ ነው» ሲል፣ አቤቱታው ሲወድቅበት ደግሞ አዲስ ክስ መሥርቶ ዕግድ ሲጠይቅ አይተናል። አቤቱታ አቅራቢው ከተፈረደበት ሰው ጋር አንድ ገበታ እየበላ እንደ ሆነ ዳኛውም ይጠረጥራል። ያም ሆኖ አንቀጹ ለእውነተኛ ባለመብት የተቀመጠ ነውና ሊዘጋበት አይችልም።

ዳኞች እጃቸው ላይ ምን አለ? ከምንገምተው በላይ አለ። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 41 መብቱ የሚነካ ሰው ጣልቃ ገብቶ እንዲከራከር ይፈቅዳል። አንቀጽ 11 ተመሳሳይ የሕግ ወይም የፍሬ ነገር ጥያቄ ያነሱ ክሶች እንዲጣመሩ ይፈቅዳል፤ እንደ አንቀጽ 8 ፍጹም አንድነት አይሻም። በእኔ ግምት በቤት ክርክር ውስጥ ከሚገባው በታች የሚሠራበት አንቀጽ ይህ ነው። ምክንያቱ ለመረዳት አይከብድም። ዳኛው የሚመዘነው በዘጋው መዝገብ ብዛት ነው፤ ሦስት መዝገብ ጎትቶ አንድ ወፍራም መዝገብ የሚያደርግ ዳኛ ለራሱ የሁለት ዓመት ራስ ምታት ይገዛል። በተለያየ ደረጃ ያሉ ፍርድ ቤቶችን መዝገብ ማጣመር ደግሞ የሥልጣን ጥያቄ ያስነሳል።

ማጣመር በማይቻልበት ቦታ መደርደር ይቻላል። በጉለሌው ግቢ አንድ እናት መዝገብ አለ፤ እሱም ማን ወራሽ እንደ ሆነና ሚስት ምን ያህል ድርሻ እንዳላቸው የሚወስነው ነው። ይህ ሳይታወቅ ሽያጩ ይጽና ወይስ ይፍረስ ብሎ መወሰን መሠረት ሳይጣል ጣሪያ ማቆም ነው። ከፍተኛው ፍርድ ቤት የገዢውን መዝገብ አግዶ ቢጠብቅ፣ ወይም ሚስትንና ልጆችን ሁሉ ወደ ክርክሩ አስገብቶ ራሱ ቢወስን፣ ሁለቱም መንገድ ያስኬዳል። የሁከቱ ክስ ግን ማንንም አይጠብቅ፤ ቶሎ ይቁረጥ። በወንጀሉ በኩል አንድ ማስጠንቀቂያ አለኝ። ወንድምየው በወንጀል ነጻ ቢባል ውክልናው እውነተኛ ነው ማለት አይደለም። የወንጀል ማስረጃ ሚዛኑ ከባድ ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉም ከውል ውጭ ስላለው ኃላፊነት በአንቀጽ 2149 የፍትሐ ብሔር ዳኛ በወንጀል ነጻ መውጣት እንደማይታሰር ተናግሯል። ወንጀሉን እስኪያልቅ መጠበቅ ብዙ ጊዜ መዘግየትን ብቻ ነው የሚያተርፈው። ሰነዱን የመረመረው ባለሙያ ውጤት ወደ ፍትሐ ብሔሩ መዝገብ ቢመጣ ይበቃል።

ባሕር ማዶ ላለው አንባቢዬ ደግሞ አንድ ነገር ልንገረው። አንቀጽ 8 በንዑስ ቁጥር ሁለት በውጭ አገር ፍርድ ቤት የሚታይ ክስ የኢትዮጵያን ፍርድ ቤት እንደማያግድ ይደነግጋል። ሜሪላንድ ወይም ቨርጂኒያ ፍቺ ላይ ያሉ ባልና ሚስት አዲስ አበባ ያላቸው ቤት በዚያ ችሎት ሲጠቀስ ነገሩ ያለቀ ይመስላቸዋል። አላለቀም። የአዲስ አበባ ቤት በመሬት መዝገብ ላይ የሚለወጠው በኢትዮጵያ ፍርድ ቤት ትዕዛዝ ነው፤ የውጭ ፍርድ እዚህ እንዲፈጸም ደግሞ የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቅድመ ሁኔታዎች አሉት፤ ከእነሱም አንዱ ያ አገር የእኛን ፍርድ የሚፈጽም መሆኑ ነው። እዚያ ፍርድ ሲጠብቁ እዚህ ቤቱ በውክልና የተሸጠባቸው ሰዎች ደውለው የሚጠይቁት ጥያቄ ሁልጊዜ አንድ ነው፤ «ክስ እንዳለበት እየታወቀ እንዴት ተሸጠ?»

መልሱ አጭርና አሳዛኝ ነው፤ አይታወቅም ነበር። ክስ መኖሩ በመሬት መዝገብ ላይ አይጻፍም። የሚጻፈው ዕግድ ነው። በዚህ ምክንያት የቤት ክስ ያለው ሰው ሁሉ ክሱን ባቀረበበት ዕለት በአንቀጽ 154 መሠረት «ንብረቱ ለሦስተኛ ወገን እንዳይተላለፍ» የሚል ዕግድ ይጠይቃል። አብዛኛው ጠያቂ ዕግዱን የሚፈልገው ቤቱን ለማሰር አይደለም፤ ለገዢና ለባንክ «ይህ ቤት ክርክር አለበት» ብሎ ለመናገር ነው። ለዚህ ቀላል ሥራ ያለን መሣሪያ ግን ከባድ ነው። ዳኛው ቢሰጥ ምናልባት መብት የሌለው ሰው ዓመታት ቤት አስሮ ይይዛል፤ ቢከለክል ቤቱ በሳምንቱ ይሸጥና ገዢ የሚባል አዲስ ተከራካሪ፣ አዲስ መዝገብ ይመጣል። ችሎቱ ሲበዛ ዕግዱም ይበዛል፤ አንዱ ሲነሳ ሌሎቹ ይቀራሉ።

በአሜሪካ በብዙ ግዛቶች መንገዱ ሌላ ነው። ስለ መሬት ወይም ስለ ቤት የሚከስ ሰው ክስ መኖሩን የሚገልጽ ማስታወቂያ በአካባቢው የመሬት መዝገብ ላይ ያስገባል። ማስታወቂያው ሽያጭን አይከለክልም። ከዚያ በኋላ የገዛ ሰው ግን ክርክሩን እያወቀ እንደ ገዛ ይቆጠራል፤ ፍርዱም ያስረዋል። «አላወቅሁም፣ ተከራካሪ አልነበርኩም» ብሎ አዲስ መዝገብ የሚከፍትበት በር ይጠባል። ያለ አግባብ የተመዘገበ ከሆነም ባለቤቱ ወደ ዳኛ ሄዶ ያሰርዛል።

እኛ ለዚህ የሚሆን መሠረት አለን። በ2006 ዓ.ም. የወጣው የከተማ መሬት ይዞታ ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 818 እያንዳንዱ ቁራሽ መሬት የራሱ መለያ ኮድ እንዲኖረውና መብት፣ ክልከላና ኃላፊነት በአንድ መዝገብ እንዲሰፍር ይደነግጋል። እኔ የምጠይቀው ሁለት ቀላል ነገር ነው። አንደኛ፣ ስለ ይዞታ ወይም ስለ ቤት የሚቀርብ ማንኛውም የክስ ማመልከቻ የቁራሽ መሬቱን ኮድ ወይም የካርታ ቁጥሩን በግንባሩ ይያዝ፤ መዝገብ ቤቱም በሰው ስም እንደሚፈልገው ሁሉ በቁጥሩ ይፈልግ። የሁከት ክስ የምታቀርበው እህት የገዢውን ክስ ባታውቅ እንኳ፣ ያው ቁጥር ሲመታ ስድስቱም ይወጣሉ። ሁለተኛ፣ ክስ መኖሩ ከዕግድ ተለይቶ በመሬት መዝገብ ላይ ይጻፍ፤ ጉዳዩ ሲያልቅ ይሰረዝ። የሐሰት ምዝገባ ያቀረበ ኪሳራውን ይክፈል።

አንዳንድ ጠበቆች ይህን ስነግራቸው የሚያነሱት ስጋት አለ። ቤት መሸጥ የፈለገ ሁሉ በጠላው ሰው አንዲት ወረቀት ታስሮ ይቀራል ይላሉ። ስጋቱ ተገቢ ነው። ነገር ግን ዛሬ ያለውን ከዚያ ጋር እናመዛዝን። ዛሬ ለዕግድ የሚቀርበው አቤቱታ ብዙ ጊዜ ሌላው ወገን ሳይሰማ ይወሰናል፤ ለማስነሳትም ወራት ይፈጃል። ሽያጭን የማያግድ ማስታወቂያ ከዚህ ይበልጥ ሊጎዳ አይችልም። በአንጻሩ ገዢው ሳያውቅ የሰው ሙግት አይገዛም፤ ባንኩም ክርክር ያለበትን ቤት በመያዣ ከመውሰዱ በፊት ይጠይቃል። ባንክ በ1990 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 97 መሠረት መያዣውን ያለ ፍርድ ቤት ሸጦ ዕዳውን መሰብሰብ ስለሚችል፣ የሚሸጠው ቤት ክርክር እንዳለበት ካወቀ በኋላ ቢሸጥና ካላወቀ ቢሸጥ ለሐራጁ ተጫራች ልዩነቱ ትልቅ ነው።

የሰበር ሰሚ ችሎትም ሊሠራው የሚችል ድርሻ አለው። ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሰጠው የሕግ ትርጉም በየደረጃው ያሉ ፍርድ ቤቶችን ያስገድዳል። በአንቀጽ 8 ያለውን «ተከራካሪ» የሚለውን ቃል ከእነሱ መብት ያገኙትን በስፋት ጨምሮ ቢተረጉመው፣ የሁከትና የባለቤትነት ክሶች እንዴት ጎን ለጎን እንደሚሄዱ፣ የትኛው የትኛውን እንደሚጠብቅ አንድ ጊዜ በግልጽ ቢናገር፣ የሥር ዳኞች ከራሳቸው ጥንቃቄ ሌላ የሚደገፉበት ያገኛሉ።

ወደ ጉለሌው ግቢ ልመለስ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት ለገዢው ፈረደ እንበል። የአፈጻጸም ሠራተኛው ከፖሊስ ጋር በሩ ላይ ይደርሳል፤ እጁ ላይ ግቢውን ለገዢው አስረክብ የሚል ትዕዛዝ አለ። እህት በሩን ትከፍትና ይዞታዋ እንዳይነካ የሚለውን የሌላ ችሎት ትዕዛዝ ትሰጠዋለች። ከኋላዋ ሚስትየዋ ቆመዋል፤ እሳቸውም የዕግድ ወረቀት ይዘዋል። ሠራተኛው ሦስቱንም ማኅተም እያገላበጠ ያያል። ሦስቱም የአንድ አገር ፍርድ ቤቶች ናቸው። መኪናው መከለያ ላይ ወረቀት ያስቀምጥና ይጽፋል፤ «ትዕዛዞቹ የሚጋጩ በመሆናቸው ማብራሪያ እስኪሰጥበት ድረስ አፈጻጸሙ ሳይከናወን ተመልሰናል።» ይህች ወረቀት ነገ መዝገብ ቤት ትገባለች፤ እሷም ቁጥር ይሰጣታል።